አንገተ መላጣዋ ዶሮ እንዳትጠፋ
(በተማሪዎች ማኅበር ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ስለ ዶሮ እናገራለሁ ብዬ ስነሣ ከወደ ኋላ የሳቁትን ሰምቻለሁ። ሳቁ ደግ ነው፤ ነገር ግን በምግብ ቤታችን ወጥ ውስጥ ዶሮዋን ፈልጎ ለማግኘት ምን ያህል መድከም እንደሚያስፈልግ የምናውቅ እኛ ስለሆንን፥ ጉዳዩ ከማንም ይልቅ ለኛ የቀረበ ይመስለኛል።

ማኅበራችን ከግቢው ጀርባ ባለው ባዶ ቦታ ዶሮ ለማርባት እንዳሰበ ታውቃላችሁ። የቀረበው ሐሳብ የቦቫንስ ብራውን ቄቦች ገዝተን እንጀምር የሚል ነው። እኔ ይህን አልቃወምም። በደንብ የተያዘች ቦቫንስ በዓመት ከ250 በላይ እንቁላል ስትጥል፥ ያገራችን ዶሮ በየደጁ ጭራ እየበላች ብትጥል ከ40 እስከ 60 ነው። ቁጥርን መካድ አይቻልም። እኔ የምለምነው ከዚሁ ቦታ አንድ ጥግ ለአንገተ መላጣዋ ዶሮ እንዲተውላት ነው።

ያገራችን ዶሮ አንድ ዓይነት ብቻ አይደለችም። ሕዝባችን በላባዋ ቀይ፥ ነጭ፥ ጥቁር፥ ገብስማ፥ ዝግርማ እያለ ይጠራታል፤ የምርምር ሰዎች ደግሞ በተገኘችበት አገር ስም ሆሮ፥ ጃርሶ፥ ጥሊሊ፥ ቴፒ ይሏታል። መላጣዋ ከነዚህ ሁሉ መካከል አልፎ አልፎ ብቅ የምትል ናት። ገበያ ስትወጣ ግን ማን ዞር ብሎ ያያታል? ለበዓል የሚገዛ ሰው ዓይኑ የሚያርፈው በቀዩ አውራ ላይ ነው፤ መላጣዋን «አሞራ ትመስላለች» ብሎ ያልፋታል። ባለቤቷም ይህን ስለምታውቅ ለዘር አታስቀራትም። እንግዲህ ይህች ዶሮ የምትመናመነው ስንፍና ተገኝቶባት ሳይሆን በመልኳ ብቻ ነው። በፈረንሳይ አገር «ላቤል ሩዥ» የሚባል ምልክት ተደርጎባቸው በውድ ከሚሸጡት ዶሮዎች መካከል አንገተ መላጣዎች እንደሚገኙ ሳነብ፥ የገበያችን ሰው ይህን ቢሰማ ምን ይል ይሆን ብዬ ሳልስቅ አልቀረሁም።

አንገቷ የተራቆተው በበሽታ አይደለም፤ አንዳንዶች እንደሚያወሩትም ከተርኪ ጋር ተዳቅላ አይደለም። ከወላጆቿ የወረሰችው ጠባይ ነው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2011 በስኮትላንድ የሚገኘው የሮዝሊን ተቋም ሊቃውንትና ባልደረቦቻቸው ምክንያቱን ገልጸዋል። በዚህች ዶሮ ዘር ውስጥ ያለ አንድ ለውጥ «ቢ ኤም ፒ 12» የሚባለውን፥ ላባ እንዳይበቅል የሚያግደውን ንጥረ ነገር ከመጠን በላይ ያስመርታል። የአንገት ቆዳ ደግሞ ሬቲኖይክ አሲድ ስለሚያመነጭ፥ ከሌላው ቆዳ ቀድሞ በዚህ ነገር ይሸነፋል። ስለዚህ የቀረው ገላ ላባ ለብሶ ሳለ አንገቷ ባዶውን ይቀራል።

ጥቅሙ ምንድን ነው ቢባል፥ ሙቀት ነው። ዶሮ አታልብም፤ ሲሞቃት አፏን ከፍታ ታለከልካለች እንጂ። ይህን ጠባይ ከአባትም ከእናትም የወረሰች ዶሮ ላባዋ ከሌላዋ በ40 በመቶ ያህል ያንሳል፤ ከአንድ ወገን ብቻ የወረሰችውም በ20 በመቶ ያህል ያንሳል። ስለዚህ በቆላ አገር የገላዋ ሙቀት ቶሎ ይወጣላታል፤ ለላባ ይውል የነበረውም ምግብ ለሥጋና ለእንቁላል ይተርፋታል። በደጋ ብርድ ግን ይኸው ጥቅም ጉዳት ሊሆን ስለሚችል፥ ሌሊት ነፋስ የማይገባበት ቆጥ ያስፈልጋታል። ይህን የምናገረው ነገሩን አሳምሬ ሸጥሁላችሁ እንዳትሉኝ ነው።

አሁን ወደ ማርባቱ ልግባ። ከአንድ ወገን ብቻ የወረሰችው ከአንገቷ በታች፥ በፊት በኩል፥ ጥቂት የላባ ጭብጥ አላት፤ ከሁለቱም የወረሰችው ግን ፍጹም ባዶ ናት ማለት ይቻላል። ሁለት ባለ ጭብጦች ቢዳቀሉ፥ ከአራት ጫጩቶች በአማካይ አንዱ ፍጹም መላጣ፥ ሁለቱ ባለ ጭብጥ፥ አንዱ ባለ ሙሉ ላባ ይሆናል። ይህም ጫጩቱ ከተፈለፈለበት ቀን ጀምሮ ይታያል። እንዲህ ከሆነ ዘሯን መጠበቅ ምን ያስቸግራል? የሚል ይኖራል።

ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ራቁት አንገት በቀላሉ ስለሚወረስ፥ ዶሮዋ ከጠፋች በኋላ እንኳ ሊቀር ይችላል። መላጣዋን ከሳሶ አውራ ጋር ብናዳቅል፥ መላጣ ሴት ልጇንም እንደገና ከሌላ የሳሶ አውራ ጋር ብናዳቅል፥ በአራተኛው ትውልድ ከአሮጊቷ የሚቀረው በአማካይ ከዐሥራ ስድስት አንድ እጅ ነው። አንገቷን አይተን «አለች» እንላለን፤ እሷ ግን የለችም። አብሮ የሚሄደውም ብዙ ነው፤ 21 ቀን ታቅፎ መፈልፈል፥ የጭልፊት ጥላ ሲያልፍ ጮሆ ጫጩቶችን በክንፍ ሥር መሰብሰብ፥ ምስጥና ጥሬ ጭሮ ራስን መመገብ። ቦቫንስ አትታቀፍም፤ የመፈልፈያ መኪናና መብራት ከሌለ ተተኪ የላትም። መብራቱ ስንት ጊዜ እንደሚጠፋ ለናንተ አልነግራችሁም። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የተባለላት ሴት ከሩቅ አገር አልመጣችም።

መታቀፏም ዋጋ ያስከፍላል፤ በዚያ ጊዜ እንቁላል የለም። ስለዚህ ነው እናቶቻችን አንዳንድ ጊዜ ውሃ ውስጥ የሚነክሯት፥ ወይም ለጥቂት ቀን ጎረቤት የሚሰዷት። የዶሮ ገንዘብ በብዙው ቤት የሴቲቱ ገንዘብ ነውና ሒሳቡን ከኛ ይልቅ እነሱ ያውቁታል። የኔም ደብተርና እርሳስ የተገዛው በእንቁላል ነበር።

ያገር ዶሮ አትሻሻልም የሚለውንም አልቀበልም። በደብረ ዘይት የግብርና ምርምር ማዕከል እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከ2008 ጀምሮ የሆሮን ዶሮ በምርጫ ብቻ ሲያራቡ፥ ከትውልድ ወደ ትውልድ ክብደቷም እንቁላሏም ጨምሯል።

እኛ ግን አንድ አውራና 10 እናቶች ገዝተን ዘር ጠበቅን ብንል ራሳችንን እናታልላለን። በዘር ሒሳብ እነዚህ 11 ዶሮዎች እንደ አራት እንኳ አይቆጠሩም፤ በእያንዳንዱ ትውልድም የዝምድና መዳቀሉ 14 በመቶ ያህል ይጨምራል። አውራዎቹ አምስት ቢሆኑ ግን ጭማሪው ወደ 4 በመቶ ይወርዳል። ስለዚህ የምንቸገረው ለእናቶቹ ሳይሆን ለአውራዎቹ ነው፤ ከተለያየ ቀበሌም መምጣት አለባቸው።

ጠንካራ ናት ሲባልም አትሞትም ማለት አይደለም። ፈንግል ሲገባ ያገርም የውጭም ብሎ አይመርጥም፤ አንድ መንደር በሳምንት ባዶ ይቀራል። በዓይን በጠብታ የሚሰጠው ክትባት ግን በእጃችን አለ፤ ለሁሉም በአንድ ቀን መስጠት፥ በየሦስትና በየአራት ወሩም መድገም ነው። አዲስ የመጣ አውራም ለሁለት ሳምንት ብቻውን ይቀመጥ። ጫጩቶቹን በመጀመሪያዎቹ ሁለት ወራት ከጭልፊትና ከሸለምጥማጥ ከጠበቅናቸው፥ ከዚያ በኋላ እናታቸው ያስተማረቻቸው ይበቃቸዋል።

እንግዲህ ለዕረፍት ወደ ቆላ አገር የምትሄዱ ጓደኞቼ ሆይ፤ ስትመለሱ አንዳንድ መላጣ አውራ ይዛችሁ ብትመጡ ዋጋውን ማኅበሩ እንዲከፍል ዛሬ ድምፅ እንድንሰጥ አሳስባለሁ። ጭብጥ ያለውም የሌለውም ይሆናል። የምለምነው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ወንድማማች የሆኑ ሁለት አውራዎች ከአንድ ቤት አትግዙ።