ከመጋረጃው በስተኋላ ያሉት ዲስኮች
(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ የተደረገ ንግግር)



የተማሪው ውጤት ከወረቀት ይልቅ በዲስክ ላይ በሚኖርበት በዚህ ዘመን፣ ስለ ዲስክ ጤንነት ጥቂት ቃል እንድናገር ስለ ተፈቀደልኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።

«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንደሚባለው፣ ብዙ ዲስኮችን አስተባብሮ እንደ አንድ ማሠራት ሬይድ ይባላል። ይህን ስም እ.ኤ.አ. በ1988 በጽሑፍ ያስተዋወቁት በበርክሌይ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሊቃውንት ፓተርሰን፣ ጊብሰንና ካትዝ ናቸው። ሬይድ 5 በተባለው ዓይነት አንድ ዲስክ ቢሞት፣ የጠፋው በቀሩት ላይ ካለው ተሰልቶ ይገኛል። የሞተው ሳይተካ ሁለተኛው ቢከተለው ግን ድካሙ ሁሉ ከንቱ ይሆናል።

ችግሩም የሚመጣው ከዚህ ላይ ነው። ዲስኮቹን የሚያስተዳድረው ካርድ፣ ማለትም ኮንትሮለሩ፣ እንደ መጋረጃ በመካከል ስለሚቆም ኮምፒዩተሩ አንድ ትልቅ ዲስክ ብቻ ያያል እንጂ በስተኋላ ማን እንደ ታመመ አያውቅም። በሽታውን ለደበቀ ደግሞ መድኃኒት የለውም።

ታዲያ ምን ይደረግ? እያንዳንዱ ዲስክ ስማርት በሚባል ዘዴ የራሱን ጤንነት ይመዘግባል። ስማርትሲቲኤል የተባለው ፕሮግራም ይህን መዝገብ ያነባል። ነገር ግን መጋረጃውን አልፎ እንዲጠይቅ የኮንትሮለሩን ዓይነት፣ ለምሳሌ ሜጋሬይድ ብለን፣ የዲስኩንም ቁጥር ጨምረን ልንነግረው ይገባል። እንዲህ እያልን አንድ በአንድ እንጠይቃለን። በሳታ ዲስኮች መዝገብ ላይ በተለይ ሦስት መስመሮች ይታያሉ፤ 5 ቍጥር ተበላሽተው በሌላ የተተኩትን ክፍሎች፣ 197 ተጠርጥረው የሚጠባበቁትን፣ 198 ሊነበቡ ያልቻሉትን ይቈጥራል።

ሆኖም «ደኅና ነኝ» የሚል ዲስክ ሁሉ አይታመንም። ጉግል ከ100,000 በላይ ዲስኮችን ተመልክቶ እ.ኤ.አ. በ2007 ባወጣው ጥናት፣ ከሞቱት ውስጥ ከ56 በመቶ የሚበልጡት ከአራቱ ዋና ዋና ምልክቶች አንዱንም አላሳዩም ነበር። ደግሞም የሞተው ሲተካ የቀሩት ሁሉ ከዳር እስከ ዳር ይነበባሉና፣ የተሰወረው ጉድለት የሚገለጠው በዚያች በከፋች ሰዓት ነው። ስለዚህ ኮንትሮለሩ ዲስኮቹን አስቀድሞ፣ በየጊዜው እንዲያነብ ማዘዝ ይገባል። ከዚህም ሁሉ በላይ የመዝገቡን ቅጅ በሌላ ስፍራ ማኖር ያስፈልጋል፤ ሬይድ በስሕተት የተደመሰሰውን አይመልስምና።

ውድ ጓደኞቼ፤ ነገ ከመካከላችን የሆስፒታል ወይም የፍርድ ቤት መዝገብ የሚጠብቅ ይኖራል። ያን ጊዜ ጸጥታን እንደ ጤንነት አንቍጠር፤ ሳንጠራ ቀርበን እንጠይቅ።