ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ
(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ የተነበበ ንግግር)



በዛሬው በዓል ስለ አንድ ታላቅ ኢትዮጵያዊ ጥቂት እንድናገር ስለ ተፈቀደልኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።

ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ የጎንደር ተወላጅ ናቸው። በሚያዝያ ወር 1860 ዓ.ም. ዐፄ ቴዎድሮስ መቅደላ ላይ ሲወድቁ ገና ሕፃን ነበሩ። ከወላጆቻቸው ተለይተው ቢገኙ አንድ የእንግሊዝ መኮንን ወደ ህንድ አገር ወሰዷቸው። እኒያ ሰው ሲሞቱ ማርቲን የተባሉ ሌላ መኮንን የትምህርታቸውን ወጪ ቻሉ፤ ስማቸውም ቻርልስ ማርቲን ተባለ። በላሆር ሕክምና ተማሩ፤ በስኮትላንድም ዕውቀታቸውን አዳበሩ። ዘመኑ ንግሥት ቪክቶሪያ የነገሡበት፣ እንደ ሎርድ ሻፍትስበሪ ያሉ የምክር ቤት ሰዎች ለድኻ ልጆች ትምህርት የደከሙበት ነበር።

ከዐድዋ ድል በኋላ ወደ አገራቸው መጡ። ቤተ ዘመዶቻቸው በገላቸው ላይ በነበረው ጠባሳ ለይተው እንዳወቋቸው ይነገራል። የተረሳቸውንም አማርኛ በጎልማሳነታቸው ተማሩ።

ሥራቸው በሕክምና ብቻ አልተወሰነም። በ1917 ዓ.ም. የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ሲከፈት የበላይ ተቆጣጣሪ ሆኑ። ከባርነት ነፃ ለወጡ ልጆችም ትምህርት ቤት አቋቋሙ። በ1920 ዓ.ም. በጣና ሐይቅ ላይ ሊሠራ ስለ ታሰበው ግድብ ለመነጋገር አሜሪካ ሄዱ። እነሆ፣ ከሰከላ፣ ከግሽ ዓባይ የሚፈልቀው የጎጃም ውሃ ያን ጊዜም የመንግሥታት መነጋገሪያ ነበር! ኋላም የጨርጨር ገዥ ሆኑ።

በ1927 ዓ.ም. በሎንዶን የኢትዮጵያ ሚኒስትር ሆነው ተሾሙ። በማግስቱ ዓመት ጠላት አገራችንን ሲወር ለእንግሊዝ ሕዝብ የወገናቸውን በደል አስረዱ። በየካቲት 1929 ዓ.ም. ግን ዮሴፍና ብንያም የተባሉ ልጆቻቸው በፋሺስቶች እጅ ተገደሉ። ከነፃነት በኋላ አባት ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ በ1945 ዓ.ም. ዐረፉ።

ጓደኞቼ ሆይ፣ ሐኪም ወርቅነህ በባዕድ ገንዘብ ተምረው ለወገናቸው ሠሩ። እኛ የምንማረው ግን በማን ገንዘብ ነው? ከቡሬና ከፍኖተ ሰላም ዙሪያ ገጠር በየሳምንቱ ስንቅ ተሸክመን ስንመጣ፣ ያ ስንቅ የእናትና የአባት ላብ ነው። ስለዚህ የእኛ ዕዳ ከእርሳቸው ይበልጣል። ትምህርት ወደ ሩቅ አገር ቢወስደን እንሂድ፤ ነገር ግን ሐኪም፣ መምህር፣ መሐንዲስ የሚጠብቅ ቀበሌ ከኋላችን እንዳለ አንርሳ።

እግዚአብሔር አገራችንን ይባርክ።