የጎን ጨዋታው ሒሳብ

በማኅበራችን ጠቅላላ ስብሰባ ላይ ከሒሳብ ክፍል የቀረበ ንግግር፤ ራቤል



ከሒሳብ ክፍል ሰው ሲነሳ የምትጠብቁት የቁጠባና የብድር ሪፖርት እንደሆነ እናውቃለን። እሱ በጽሑፍ ተባዝቶ በእጃችሁ ገብቷል፤ ከምሳ በኋላ እንወያይበታለን። አሁን የምንናገረው ስለ ጨዋታ ነው፤ ልጆቻችን በስልክ ስለሚጫወቱት ጌም።

ለዚህ ያበቃን ዛሬ ለውሳኔ የሚቀርቡ ሁለት ጉዳዮች ናቸው። አንደኛው፣ አንዳንድ አባላት «ማኅበሩ ለልጆች ስልክ መግዣ ብድር አይስጥ፤ ጌም ከመጫወት ሌላ ምን ይሠሩበታል?» ብለው ያቀረቡት ሐሳብ ነው። ሁለተኛው፣ ለልጆቻችን ማጥኛ ክፍል ታብሌት ሊሰጡን ያሰቡ ለጋሾች «ጨዋታዎቹን አጥፍተን እንስጥ ወይስ እንተዋቸው?» ብለው የጠየቁን ነው። ሳያዩ መከልከልም ሆነ ሳያዩ መፍቀድ ያው በጭፍን መወሰን ነው። ስለዚህ ከአባላት ልጆች ጋር ተቀምጠን ጨዋታዎቹን እንዲያሳዩን አደረግን፤ ጠየቅን፣ ጻፍን፣ ደመርን። የምናቀርበው እሱን ነው።

ጨዋታው ምንድን ነው?

ትልልቆቹ ልጆች በጣም የሚወዱት ዓይነት ተጫዋቹ የአንድን ሰው ሚና ይዞ የሚዘዋወርበት፣ የሚዋጋበትና እየበረታ የሚሄድበት ጨዋታ ነው። ይህ ለእኛ እንግዳ ነገር አይደለም። እቃ እቃ ስንጫወት አንዷ እናት፣ አንዷ ልጅ፣ አንዷ እንግዳ ሆነን አልነበር? ከጭቃ ድስት ሠርተን፣ ቅጠል ወጥ አድርገን እንግዳ አላስተናገድንም? የስልኩም ጨዋታ እቃ እቃ ነው። ልዩነቱ ድስቱን የሠሩት ሩቅ አገር ያሉ መሐንዲሶች መሆናቸውና፣ አንዳንዴም ድስቱን የሚሸጡልን መሆኑ ነው።

በእነዚህ ጨዋታዎች ውስጥ አንድ ዋና ታሪክ አለ። የጠፋ ዘመድ ይፈለጋል፣ ጠላት ይሸነፋል፣ አገር ይድናል። ከዋናው ታሪክ ጎን ደግሞ ብዙ ትንንሽ ጨዋታዎች አሉ፤ ዓሣ ማጥመድ፣ ምግብ ማብሰል፣ ቤት መሥራት፣ ካርታ መጫወት፣ መልእክት ማድረስ። ልጆቹ ሲያወሩ ብትሰሙ ከዋናው ታሪክ ይልቅ የሚያነሱት እነዚህን ነው።

የፖላንድ ኩባንያ የሆነው ሲዲ ፕሮጄክት ሬድ እ.ኤ.አ. በ2015 «ዘ ዊቸር 3» የሚባል ጨዋታ አወጣ። ለአዋቂ እንጂ ለልጅ የተሠራ አይደለም። ባለታሪኩ እንደ ልጁ ያሳደጋት ወጣት በክፉ ኃይሎች ስለምትታደን እሷን ፍለጋ ይንከራተታል። ነገር ግን ተጫዋቹ ከፈለገ ፍለጋውን አቁሞ በየመጠጥ ቤቱ «ግዌንት» የሚባል ካርታ መጫወት ይችላል። ልጅ ጠፍታበት ካርታ የሚጫወት አባት! ሆኖም ሰው ይህን የጎን ጨዋታ እጅግ ስለወደደው ኩባንያው ግዌንትን ለብቻው አውጥቶ ራሱን የቻለ ጨዋታ አደረገው።

ይህን የሰማች የመንዝ ሴት መደነቅ የለባትም። በቤታችን ዋናው ታሪክ ገብሱ ነው። ከጎኑ እንቁላሉ አለ፣ የበጉ ጠጉር ፈትል አለ፣ ለባናው የሚሆነው ድርና ማግ አለ። ገብሱን ውርጭ ሲመታው ቤቱን ደግፎ ያቆየው ብዙ ጊዜ ይኸው የጎን ሥራ ነው። ማኅበራችንም የቆመው በዚሁ ነው። ስለዚህ «የጎን ነገር ነውና ከንቱ ነው» የሚለውን እኛ ልንናገረው አይገባም። መጠየቅ ያለብን የትኛው የጎን ነገር ወደ ቤት ያስገባል፣ የትኛው ከቤት ያወጣል የሚለውን ነው።

ሦስት ዓይነት የጎን ጨዋታ

በስፋት ከታወቁት መካከል «ጌንሺን ኢምፓክት» የሚባለውን እንውሰድ። የቻይናው ሚሆዮ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2020 ያወጣው ነው። ሲጫን ነጻ ነው። የጎን ጨዋታዎቹን በሦስት መደብ መድበናቸዋል።

አንደኛው መደብ ችሎታ የሚጠይቅና የሚያልቅ ነው። ዓሣ ሲጠመድ ገመዱ እንዳይበጠስም እንዳይላላም ልኩን መጠበቅ ያስፈልጋል። ምግብ ሲበስል ጠቋሚው ትክክለኛው ቦታ ላይ ሲደርስ ማቆም ነው፤ ከቀደመም ከዘገየም ምግቡ ጥሩ አይሆንም። ልጁ ይሞክራል፣ ይሳሳታል፣ ይሻሻላል። ዓሣው ሲያዝ ጨዋታው አለቀ።

ሁለተኛው መደብ የሚያመላልስ ነው። በየቀኑ አራት ትንንሽ ትእዛዝ ይሰጣል፤ የዛሬውን ያልፈጸመ የዛሬው ሽልማት ያመልጠዋል። ልጁ መጫወት ባይፈልግ እንኳ እንዳይቀርበት ሲል ይከፍተዋል። አንዲት እናት ልጃቸውን «ይኸ ጨዋታ መቼ ነው የሚያልቀው?» ብለው ቢጠይቁት «እማዬ፣ አያልቅም» አላቸው። እውነቱን ነው። እንዳያልቅ ተደርጎ ነው የተሠራው።

ሦስተኛው መደብ ዕድል የሚሸጥ ነው። አዲስና ኃይለኛ ባለታሪክ ለማግኘት ልጁ ዕጣ ያወጣል። የዕጣው መክፈያ በጨዋታው ውስጥ ቀስ በቀስ ይጠራቀማል፤ መጠበቅ ያልፈለገ ግን በእውነተኛ ገንዘብ ይገዛዋል። የሒሳብ ክፍሉን ያሳሰበው ይህ ነው።

ቁጥሩ ምን ይላል?

በዚህ ጨዋታ ትልቁን ዕጣ በአንድ ሙከራ የማግኘት ዕድል 0.6 ከመቶ ነው፤ ከ1000 ሙከራ 6 ማለት ነው። ቁጥሩ እዚያው ጨዋታው ውስጥ ተጽፏል፤ ስንት ልጅ እንደሚያነበው ግን ገምቱ። አሥር አሥር ጊዜ የሚያወጡ 100 ልጆች ቢኖሩ 94ቱ ያህል ባዶ እጃቸውን ይመለሳሉ። እያንዳንዳቸው 50 ጊዜ ቢሞክሩም 74ቱ ያህል ገና አላገኙም። 90ኛው ሙከራ ላይ ትልቅ ዕጣ መውጣቱ የተረጋገጠ ነው፤ የሚወጣው ግን ልጁ የፈለገው ላይሆን ይችላል። ያን ጊዜ ቆጠራው እንደገና ይጀመራል።

በዕቁብ የገባች ሴት ተራዋ እንደሚደርስ ታውቃለች፤ የጣለችውን ያህል ታነሳለች። ዕቁብ ዕጣ ቢኖረውም ማንንም ባዶ አያስቀርም። ይኸኛው ዕጣ ግን ብዙዎች እየጣሉ የሚያነሳው አንድ ሰብሳቢ ብቻ የሆነበት ዕቁብ ነው። እንዲህ ያለ ዕቁብ ራቤል ውስጥ ቢቋቋም ስንቶቻችን እንገባለን?

ጉዳዩ የእኛ ስጋት ብቻ አይደለም። ቤልጅየም እ.ኤ.አ. በ2018 በጨዋታ ውስጥ በገንዘብ የሚሸጥ ዕጣ ቁማር ነው ብላ ወስናለች። አሜሪካ ውስጥ ደግሞ ሆዮቨርስ በሚል ስም የሚታወቀው የጌንሺን አቅራቢ እ.ኤ.አ. በጥር 2025 20 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል፣ ዕድሜያቸው ከ16 በታች ለሆኑ ልጆችም ያለ ወላጅ ፈቃድ እንዲህ ያለውን ዕጣ ላለመሸጥ ከመንግሥት ተቆጣጣሪው ጋር ተስማምቷል።

«እኛ ጋ የውጭ ምንዛሪ የሚከፍል ካርድ ያለው ማን ነው?» ትሉ ይሆናል። ልክ ነው፤ አብዛኛው ልጃችን ዕጣ አይገዛም። የኢንተርኔት ጥቅል ግን ይገዛል። በቀን 20 ብር ብቻ ብታወጡ በወር 600፣ በዓመት 7,200 ብር ነው። ይህ ቁጥር በማንኛችንም የቁጠባ ደብተር ላይ ቀላል አይደለም። ከብሩ ሌላ ደግሞ ልማዱ አለ። «አንድ ጊዜ ብሞክር ይወጣልኛል» ማለትን በአሥራ ሁለት ዓመቱ የለመደ ልጅ፣ ሲያድግ ከተማ ሄዶ የሚያገኛቸው የኳስ ውርርድ ቤቶች የሚጠብቁት ይህንኑ ቃል ነው።

ያልተመዘገበው ወጪ

በማንኛውም መዝገብ ያልገባ ሌላ ወጪም አለ። ልጆቹን ስናነጋግር ጨዋታውን አቀላጥፈው የነገሩን ከሞላ ጎደል ወንዶቹ ነበሩ። ሴቶቹ «ወንድሜ ሲጫወት አይቻለሁ» አሉን። ወንዱ ልጅ ሁለት ሰዓት ስልክ ላይ ሲቀመጥ ውኃውን የቀዳችው፣ ኩበቱን የጠፈጠፈችው፣ በጎቹን ያስገባችው ማን ናት? ጨዋታው ለእሱ ነጻ ነው፤ ሒሳቡን የከፈለችው እህቱ ናት። እኛ የሴቶች ማኅበር ነን። ይህን ወጪ እኛ ካልመዘገብነው ማን ይመዘግበዋል? ጨዋታ ለልጅ የሚገባ ነገር ከሆነ ለሴቷም ልጅ ይገባል። ሥራው እኩል ይከፈል፣ ጨዋታውም እኩል ይከፈል።

ከራሳችን ጓዳ

ጥሩ ጨዋታ ሁልጊዜ ከባሕር ማዶ የሚመጣ አይምሰለን። ገበጣን ተመልከቱ። በአንደኛው አጨዋወት 12 ጉድጓድ፣ በእያንዳንዱ 4 ጠጠር፣ በድምሩ 48 ነው። ተጫዋቹ ጠጠሩን ከማንሳቱ በፊት የመጨረሻዋ የት እንደምታርፍ በልቡ መቁጠር አለበት። መደመር፣ መቀነስ፣ ቀድሞ ማሰብ አለበት፤ ዕጣ የለበትም። የታሪክ ተመራማሪው ሪቻርድ ፓንክረስት እ.ኤ.አ. በ1971 ባሳተመው ጥናት በአገራችንና በአካባቢው ያሉትን ልዩ ልዩ የገበጣ አጨዋወቶች መዝግቧል። እረኞች መሬት ቆፍረው የሚጫወቱት ይህ ነገር የምሁር ጥናት የሚገባው ሆኖ ተገኝቷል ማለት ነው።

አሁን በስልክም አለ። አዲስ አበባ ያለው ቅኔ ጌምስ የገበጣን ጨዋታ ለስልክ ሠርቷል፤ አንዲት ዶሮ ከአሳዳጇ የምታመልጥበትን «ኩኩሉ» የሚባል ጨዋታም ያወጣው እሱ ነው። በካሜሩን ደግሞ ኪሮኦ ጌምስ የሚባል ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2016 «ኦሪዮን» የተባለ፣ ከአፍሪካ ባህል የተቀዳ ተመሳሳይ የሚና ጨዋታ አቅርቧል። ባለታሪኮቹ ከዙፋናቸው የተነሱ ባልና ሚስት ናቸው። ገንዘቡን ለማሰባሰብ ከተጠቀሙበት መንገድ አንዱ የብዙ ግለሰቦች መዋጮ ነው፤ እኛ በደንብ የምናውቀው መንገድ። ዛሬ ገበጣ የምትቆጥር ልጃችን ነገ ጨዋታ ሠሪ የማትሆንበት ምክንያት የለም።

እንደ ጓሳ

ከዚህ ሁሉ ምን እንወስን? የመንዝ አባቶችና እናቶች የጓሳን ሣር እንዴት እንዳቆዩት አስቡ። አላረሱትም፣ ልቅም አልለቀቁትም። ለዓመታት ይዘጋል፤ በተስማሙበት ቀን ይከፈታል፤ ለክዳኑና ለገመዱ የሚሆነውም ይታጨዳል። በዝግ ጊዜ የገባ ይቀጣል። ጓሳ እስከ ዛሬ የኖረው መዝጊያም መክፈቻም ስላለው ነው። የልጆቻችንም ጨዋታ የሚያስፈልገው ይኸው ነው።

ስለዚህ የሒሳብ ክፍሉ አራት ሐሳብ ያቀርባል።

አንደኛ፣ ለስልክ መግዣ የሚሰጠው ብድር አይከልከል። ነገር ግን እንደ ማንኛውም ብድር ማመልከቻው የስልኩን ዋጋ፣ የወሩን የኢንተርኔት ወጪና ከየት እንደሚከፈል ያሳይ።

ሁለተኛ፣ ለጋሾቻችን ታብሌቶቹን ሲሰጡን ያለ ኢንተርኔት የሚሠሩና ምንም የማይሸጡ ጨዋታዎች ይቆዩልን፤ ገበጣ፣ ቼዝ፣ የሒሳብና የቃላት ጨዋታ። ዕጣ የሚሸጥ ሁሉ ይጥፋ። መግዣው ክፍል በይለፍ ቃል ይቆለፍ፤ ቁልፉም በአዋቂ እጅ ይሁን።

ሦስተኛ፣ በማጥኛ ክፍሉ የሴትና የወንድ ተራ እኩል ይሁን፤ ተራው በመዝገብ ይያዝ። ሴት ልጅ በሥራ ምክንያት ተራዋ ካለፈባት ቤቷ ይጠየቅ።

አራተኛ፣ በየቤታችን የመክፈቻና የመዝጊያ ሰዓት እንወስን፤ ለእያንዳንዱም ጨዋታ ልጆቻችንን ሦስት ጥያቄ እንጠይቅ። ያልቃል ወይ? የሚሸነፈው በችሎታ ነው ወይስ በዕጣ? ገንዘብ ይጠይቃል ወይ? የሚያልቅ፣ በችሎታ የሚሸነፍና ገንዘብ የማይጠይቅ ከሆነ ልጁ በሰዓቱ ይጫወት፤ እኛም አጠገቡ ቁጭ ብለን እንየው። የማያልቅ፣ በዕጣ የሚሄድና ገንዘብ የሚጠይቅ ከሆነ ስሙ ጨዋታ ቢባልም ንግድ ነው፤ በዚያ ንግድ ውስጥ ልጃችን ገዥ እንጂ ተጫዋች አይደለም።

ስታነጋግሯቸው አትቆጡ። «ምን አገኘህ? ምን አወጣህ?» ብላችሁ ጠይቁ። ደብተር ስጧቸውና ደቂቃውንና ብሩን ራሳቸው ይጻፉት። ሒሳቡን በራሱ እጅ የደመረ ልጅ ከእኛ ቁጣ ይልቅ ድምሩን ይሰማል።

ሐሳቡ ለውይይት ክፍት ነው።