አንድ ነገር በሁለት ርእስ ሲጻፍ



በ1993 ዓ.ም. የተመሠረተው ውክፔዲያ ብዙ ሰዎች በኅብረት የሚጽፉት መዝገበ ዕውቀት ስለ ሆነ፣ አንዱ የጻፈውን ሌላው ሳያይ ይደግመዋል። በአማርኛማ ነገሩ ይብሳል፤ አንዱ «ፀሐይ» ሲል ሌላው «ጸሀይ» ብሎ ይጀምራል። ሊቃውንቱ የፊደሉን ክርክር ገና አልጨረሱትም፤ ኮምፒዩተሩ ግን ድምፁን ሳይሆን ፊደሉን አይቶ ሁለት ርእስ ነው ይላል።

ብዙ ሰው ማዋሐድ ማለት አንዱን መፋቅ ይመስለዋል፤ ስሕተት ነው። ሁለቱ ጽሑፎች ተስተያይተው ይነበባሉ፤ በአንዱ ብቻ የሚገኘው ቁም ነገር ወደ ሌላው ይዛወራል፤ የሚቃረነው በምንጩ ይመረመራል። ባዶ የቀረው ርእስም አይሰረዝም፤ አንባቢውን ወደ ተዋሐደው ጽሑፍ ይመራል፤ የቀድሞ ጸሓፊዎቹም የሥራ ታሪክ በዚያው ተጠብቆ ይቈያል። ቃሉን ያዛወረው ሰው ከየትኛው ርእስ እንዳመጣው በለውጡ ማስታወሻ ላይ መመዝገብ አለበት፤ አለዚያ ሌላው የደከመበትን እርሱ እንደ ጻፈው ሆኖ ይታያል።