ትምህርት ቤት ያባረረው ቋንቋ፣ ቫዮሊን ያቆየው

(ለተማሪዎች ማኅበር አባሎች የተደረገ ንግግር)



የዛሬው ንግግሬ በአሜሪካ በሉዊዚያና ግዛት ስለሚኖሩት ኬጀን ስለሚባሉት ሕዝብና ስለ ሙዚቃቸው ነው። አባቶቻቸው በዛሬይቱ ካናዳ ምሥራቃዊ ዳርቻ የሚኖሩ የፈረንሳይኛ ተናጋሪዎች ነበሩ። ከ1755 ጀምሮ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) እንግሊዞች ከርስታቸው ነቅለው በተኗቸው። ከነዚህም ብዙዎቹ ከዓመታት በኋላ ሉዊዚያና ገብተው ሰፈሩ። ዘፈናቸውን በቫዮሊን፣ ኋላም በአኮርዲዮን ይጫወቱ ጀመር። ይሁን እንጂ ሙዚቃው የነሱ ብቻ ሥራ አይደለም። ጥቁሩ የአኮርዲዮን ሊቅ አሜዴ አርድዋን በ1929 ከነጩ ቫዮሊን መቺ ከዴኒስ ማጊ ጋር ሸክላ አስቀርጿል።

በ1921 የግዛቲቱ ሕገ መንግሥት ትምህርት በእንግሊዝኛ ብቻ እንዲሰጥ ደነገገ። በትምህርት ቤት ግቢ ፈረንሳይኛ ሲናገር የተገኘ ልጅ ይቀጣ ነበር። ስለዚህ ብዙ ወላጆች ልጆቻቸው እንዳይዋረዱ ብለው የገዛ ቋንቋቸውን ሳያስተምሯቸው ቀሩ። ፈረንሳይኛው ያለ ኀፍረት የሚሰማው ቅዳሜ ማታ በጭፈራ አዳራሽ ነበር። ሙዚቃውም ቢሆን ከፌዝ አላመለጠም፤ የተማሩት ሰዎች የገጠሬ ጩኸት ነው ይሉት ነበር።

በ1964 ድዊ ባልፋ የሚባል ሰው ከሁለት ጓደኞቹ ጋር በኒውፖርት የሕዝብ ሙዚቃ በዓል ተጫወተ። በአገሩ የተናቀውን ዘፈን ብዙ ሺህ ሕዝብ በጭብጨባ ሲቀበለው አየ። ባልፋ ኑሮውን የሚገፋው በሌላ ሥራ ነበር፤ የትምህርት ቤት አውቶቡስ ሾፌርም ሆኖ ሠርቷል። ከዚያ ቀን ወዲህ ግን ይህን ጭብጨባ ለአገሩ ሰዎች ለማሰማት ቆርጦ ተነሣ። በ1974 በላፋየት ከተማ ለሙዚቃው ክብር ታላቅ በዓል ተደረገ። ባልፋም ቫዮሊኑን ይዞ ቋንቋው ወደተባረረበት ወደ ትምህርት ቤት ገባና ሕፃናትን አስተማረ። በ1979 አብረውት የሚጫወቱት ሁለት ወንድሞቹ በመኪና አደጋ ቢሞቱበትም ሥራውን አልተወም። በ1992 እሱም ሲያርፍ ልጁ ክሪስቲን የራሷን ጓድ አቋቁማ ቀጠለች። አኮርዲዮን ሠሪው ማርክ ሳቭዋ በ1966 በዩኒስ ከተማ በከፈተው ሱቅም ቅዳሜ ጠዋት ሽማግሌና ወጣት አብሮ መጫወት ልማድ ሆነ።

ነገር ግን ድሉ ሙሉ አይደለም። ዛሬ በፈረንሳይኛ እየዘፈኑ በቤታቸው ፈረንሳይኛ የማይናገሩ ወጣቶች ብዙ ናቸው። ዘፈን ቋንቋን ሊያቆይ ይችላል፤ ብቻውን ግን አያሳድገውም።

ጓደኞቼ፣ ነገ ብዙዎቻችን አስተማሪዎች እንሆናለን። ልጁ ከቤቱ ይዞት የመጣውን ዕውቀት ከበር የሚመልስ ትምህርት ቤት የቱን ያህል እንደሚያጠፋ ከዚህ ታሪክ አይተናል። ስለዚህ በሩን ለልጁ ብቻ ሳይሆን ላልተማረው ባለሙያም እንክፈትለት፤ ወንበርም እናቅርብለት።