የመምህሩ የደረጃ እድገት በሕግ ይዳኝ



ከ«ጀማሪ መምህር» ተነስቶ እስከ «መሪ መምህር»ና ከዚያም በላይ የሚዘልቀው የደረጃ እድገት መሰላል በወረቀት ላይ ያማረ ነው። ችግሩ የሚጀምረው መምህሩ የአገልግሎት ዘመኑን ቆጥሮ ሲቀርብ «አታሟላም» የተባለ ጊዜ ነው። ለምን? የምዘና ነጥብህ አነሰ። ነጥቡን ማን ሞላው? አለቃው። ቅሬታውንስ ማን ይሰማል? ብዙ ጊዜ እነዚያው የወሰኑት ሰዎች! በስብሰባ ላይ ደፍሮ የሚናገር መምህርማ ነጥቡ የት እንደሚያርፍ እናንተም ታውቃላችሁ።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 ፍትሕ የማግኘት መብትን ደንግጓል። የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012ም የፌዴራል፣ የአዲስ አበባና የድሬዳዋ መሥሪያ ቤቶች ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲከለስ በር ከፍቷል። ነገር ግን አብዛኛው መምህር የክልል ተቀጣሪ በመሆኑ ይህ አዋጅ አይደርስለትም። ቢደርስለትስ፣ ለአንድ ደረጃ ጭማሪ ጠበቃ ቀጥሮ የሚያከራክር ደመወዝ የት አለው?

እኛ ከተመረጥን፣ እድገት የከለከለ ኃላፊ ምክንያቱን በጽሑፍ ይሰጣል። ቅሬታውን ከትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ውጭ የሚቋቋምና መምህራን ራሳቸው የመረጧቸው አባላት ያሉበት ጉባኤ በ30 ቀን ውስጥ ይወስናል። የተፈረደለት መምህርም እድገቱ ከተገባው ቀን ጀምሮ ውዝፍ የደመወዝ ልዩነቱን ያገኛል።