የእኛም ነገር ይወራል



አንድን አዛውንት ገበሬ ስለ ኑሯቸው ጠይቋቸው። «የእኔ ነገር ደግሞ ምን ይወራል ልጄ?» ይላሉ። ዕድሜ ልክ አርሰው፣ ስንት መንግሥት ሲለዋወጥ አይተው፣ ምን ይወራል ይላሉ።

የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ ግን ይወራል አለ። አሜሪካ ሄዶ የፊልም ሥራ ተማረ። ተምሮም ካሜራውን ይዞ ወደ አገሩ መጣ። ገበሬውን ቀረጸ። በሬውን ቀረጸ። ባላባቱ በጭሰኛው ላይ የሚያደርሰውን ግፍ ቀረጸ። ያውም በአማርኛ። ያ ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ነው፤ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1976 ለዓለም ታየ። ማሳ ላይ የሚውል ሰው ኑሮ ለዓለም የሚበቃ ታሪክ ሆነ።

ኋላ ስለ ባርነት «ሳንኮፋ»ን ሠራ። አከፋፋዮች ፊት ነሱት። ኃይሌ ደጅ አልጠናም። ሲኒማ ቤት እየተከራየ፣ ከከተማ ከተማ እየዞረ ራሱ አሳየ። ሕዝቡም ተሰልፎ አየለት። እኔ ከሁሉ በላይ የማከብርለት ይህን ነው። በደርግ ዘመን ስለደረሰው መከራ የሠራው «ጤዛ» ደግሞ ቬኒስ ላይ ተሸለመ። ከፊልም ሥራው ጎን ለጎንም በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተማረ።

ወጣቶች፣ የእናንተን ታሪክ ሌላ ሰው መጥቶ እስኪነግርላችሁ አትጠብቁ። ፈቃጅም አትጠብቁ። በእጃችሁ ያለው ስልክ ድምፅ ይቀርጻል፤ ምስል ይቀርጻል። ዛሬ ማታ ከአያታችሁ አጠገብ ቁጭ በሉ። ጠይቁ። አድምጡ። ቅረጹ።